«ይልቀቅልኝ» እና «ይክፈለኝ»፦ የንግድ ቤት ኪራይ ክርክር በሕግ ፊት

ሱቅ፣ ቢሮ ወይም መጋዘን የተከራዩ ብዙ ሰዎች ከ2016 ዓ.ም. ወዲህ «አሁንማ አዋጅ ወጥቷል፤ አከራዬ ከሁለት ዓመት በፊት ሊያስወጣኝም ሆነ እንደፈለገው ሊጨምርብኝ አይችልም» ሲሉ ይሰማል። ይህ እምነት ሰው እየጎዳ ስለሆነ ከእሱ ልጀምር። አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የወጣው የመኖሪያ ቤት ኪራይን ለመቆጣጠር ነው። ካፌውን፣ ፋርማሲውን፣ የሱማሌ ተራውን የመለዋወጫ ሱቅ አይመለከትም። የንግድ ቤት ኪራይ ዛሬም የሚዳኘው በ1952 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግና ተዋዋዮቹ ራሳቸው በፈረሙት ውል ነው።

ስለዚህ የውሉ ዘመን ሲያልቅ አከራዩ የፈለገውን ኪራይ ቢጠይቅ የሚከለክለው ጣሪያ የለም። ውሉ ሳያልቅ ግን ነገሩ ሌላ ነው። ለሁለት ዓመት በወር 60,000 ብር ብሎ የፈረመ አከራይ በስምንተኛው ወር «ዶላር ጨምሯል፣ ሰፈሩም ተወዷል» ብሎ 90,000 ሊያደርገው አይችልም፤ ውሉ ራሱ ጭማሪ የሚደረግበትን ጊዜና መጠን ካልደነገገ በስተቀር። በዚያው ልክ ተከራዩም «ገበያ ቀዘቀዘ» ብሎ ኪራዩን በራሱ ሥልጣን መቀነስ አይችልም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ በቁጥር 1764 የውሉ ግዴታ ከታሰበው በላይ ከባድ ስለሆነ ብቻ ውሉ እንደማይለወጥ ይናገራል። የገበያ መቀዝቀዝ ከአቅም በላይ የሆነ ኃይል ተደርጎ እንዲቆጠር የሚጠይቁ ተከራዮች በብዛት የሚሸነፉትም ለዚህ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ ልግባ። አከራይ ፍርድ ቤት ሲሄድ ሁለት ነገር ይጠይቃል፦ ቤቱ ይለቀቅልኝ፤ ውዝፍ ኪራዬ ይከፈለኝ። ሰዎች እነዚህን እንደ አንድ ጥያቄ ያዩአቸዋል። በአንድ ክስ ተጠቃልለው ይቅረቡ እንጂ የሚረቱበት ማስረጃም ሆነ ከፍርድ በኋላ ያላቸው ዕድል የተለያየ ነው። ቤት ማስለቀቅ ጊዜ ቢወስድም መጨረሻው ይታያል፤ ቤቱ የትም አይሄድም። ገንዘቡ ግን ተከራዩ እጅ ላይ ያለ ወይም የሌለ ነገር ነው። ይህን ልዩነት ከመጀመሪያው ያልተረዳ አከራይ ዓመት ሙሉ ዝም ብሎ ቆይቶ ትልቅ ዕዳ ያጠራቅምና በመጨረሻ የሚያስፈጽምበት ንብረት ያጣል።

አንድ ምሳሌ ወስደን እንከተለው። እንበል አንዲት እናት መገናኛ አካባቢ ባላቸው ሕንፃ ምድር ላይ ያለውን ሱቅ ለኤሌክትሮኒክስ ነጋዴ ለሁለት ዓመት አከራዩ፤ ኪራዩ በወር 60,000 ብር ነው፤ በየወሩ ይከፈላል። ተከራዩ ከጥቅምት እስከ ጥር አልከፈለም። ዕዳው 240,000 ብር ሆኗል። ውላቸው ላይ ደግሞ ደላላው ከሌላ ውል የገለበጠው አንቀጽ አለ፦ «ተከራይ ኪራዩን በወቅቱ ካልከፈለ ውሉ ያለምንም ማስጠንቀቂያ ፈርሶ ቤቱን ወዲያውኑ ያስረክባል።»

ይህ አንቀጽ አይሠራም። ስለ ቤት ኪራይ የሚናገረው ቁጥር 2952 ኪራይ ሲዘገይ አከራዩ ምን ማድረግ እንዳለበት ደረጃውን አስቀምጧል። ውሉ ለአንድ ዓመት ወይም ከዚያ በላይ የተደረገ ከሆነ አከራዩ ለተከራዩ 30 ቀን ይሰጠዋል፤ ውሉ ከዚያ ያጠረ ከሆነ 15 ቀን። በዚህ ጊዜ ውስጥ ካልከፈለ ውሉ እንደሚቋረጥም አብሮ ያስታውቀዋል። ይህን ጊዜ የሚያሳጥር ወይም አከራዩ በዚያው ቀን ውሉን እንዲያፈርስ የሚፈቅድ ስምምነት ዋጋ የለውም። ሁለቱም ወገኖች ወድደው ቢፈርሙበትም እንኳ።

ማስጠንቀቂያው ረጅም መሆን አያስፈልገውም። እንዲህ ቢባል ይበቃል፦ «መስከረም 1 ቀን 2017 ዓ.ም. ባደረግነው የሱቅ ኪራይ ውል መሠረት ከጥቅምት እስከ ጥር ያለውን የአራት ወር ኪራይ ብር 240,000 አልከፈሉኝም። ይህ ጽሑፍ በደረስዎት በ30 ቀን ውስጥ እንዲከፍሉ፣ በዚህ ጊዜ ካልከፈሉ ግን ውሉ የሚቋረጥ መሆኑን አውቀው ሱቁን እንዲያስረክቡኝ አስታውቃለሁ።» የትኛው ውል እንደሆነ፣ የየትኛው ወር ስንት ብር እንደሆነ፣ ስንት ቀን እንደተሰጠ፣ ካልተከፈለ ምን እንደሚከተል፤ አራቱም አሉ። ከአራቱ ብዙ ጊዜ የሚረሳው የመጨረሻው ነው። «እባክህ ክፈለኝ» የሚል ደብዳቤ ዕዳ መጠየቂያ ነው፤ ውል ማቋረጫ አይደለም። ጉዳዩ ችሎት ሲደርስ የተከራዩ ጠበቃ መጀመሪያ የሚመረምረው ይህችን ወረቀት ነው።

ደብዳቤው መድረሱን ማስረዳትም የአከራዩ ሥራ ነው። በሁለት ቅጂ አዘጋጅቶ በአንዱ ላይ «ደርሶኛል» አስብሎ ማስፈረም ቀላሉ መንገድ ነው። አልፈርምም ካለ ምስክር ባለበት መስጠት ወይም በሪኮማንዴ ፖስታ መላክ ይቻላል። በስልክ ተነጋግረናል ማለት ተከራዩ ከካደ ብዙ አያስኬድም።

ተከራዩ በ30 ቀኑ ውስጥ ከከፈለ ውሉ ይቀጥላል፤ አከራይዋ ቢከፋቸውም። ካልከፈለ ውሉ ይቋረጣል፤ እሱም ከዚያ በኋላ በሱቁ የተቀመጠበት ለእያንዳንዱ ወር በኪራዩ ልክ ይጠየቃል። እዚህ ላይ ብዙ አከራይ የሚሰናከልበት ነገር አለ፦ ማስጠንቀቂያው ካለፈ በኋላ ተከራዩ የአንድ ወር ኪራይ በባንክ ያስገባል፤ አከራዩ ዝም ብሎ ይቀበላል። ተከራዩም በኋላ «ገንዘቡን ስለተቀበለች ውሉ ቀጥሏል» ብሎ ይከራከራል። ይህ በር እንዳይከፈት ገንዘቡ የገባው ለቀድሞ ዕዳ ወይም ሱቁን ይዞ ለቆየበት ጊዜ ብቻ መሆኑን፣ የተቋረጠው ውል እንዳልታደሰ ወዲያው በጽሑፍ ማሳወቅ ይገባል።

አሁን ሰው ሁሉ የሚፈተንበትን ነገር ላንሳ፤ በቀናነት ልናገረውም እወዳለሁ። አራት ወር ያልተከፈለው አከራይ ማታ መጥቶ የራሱን ቁልፍ ይገጥማል፤ መብራት ያስቆርጣል፤ ውኃ ይዘጋል። ንዴቱ ይገባኛል፤ ከዚያች ኪራይ ሌላ ገቢ የሌላቸው ጡረተኞች አሉ። ነገር ግን ቤቱ የራስ ቢሆንም ይዞታው በውል የተከራዩ ነው። ይዞታውን በጉልበት የተነጠቀ ሰው በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1149 መሠረት በሁለት ዓመት ውስጥ «ሁከት ይወገድልኝ» ብሎ መክሰስ ይችላል። ፍርድ ቤቱ በዚህ ክስ የሚመለከተው ይዞታው የተነካው በሕጋዊ መንገድ ነው ወይስ በጉልበት የሚለውን ነው። ዕዳውን በዚያ መዝገብ ቢያነሱት «እሱን በራሱ ክስ ጠይቂ» ሊባሉ ይችላሉ።

ከዚህ የሚከፋው በሱቁ ውስጥ ያለው ዕቃ ነው። የ240,000 ብር ባለዕዳ የነበረው ነጋዴ ከታሸገው ሱቅ ውስጥ ስንት ስልክ፣ ስንት ላፕቶፕ እንደነበረው ዘርዝሮ «የጠፋው ይከፈለኝ፤ ሱቁ ተዘግቶ ያጣሁትም ትርፍ ይታሰብልኝ» ይላል። ዕቃው ሲታሸግ ያልተቆጠረ ስለሆነ አከራይዋ የሚያስተባብሉበት ሰነድ የላቸውም። እንዲህ ባለ መንገድ ገንዘብ ጠያቂ የነበረ ሰው ተጠያቂ ሲሆን ማየት ያሳዝናል፤ መከላከያውም የ30 ቀን ትዕግሥት ብቻ ነበር።

ውሉ በጊዜው ሲያበቃ የሚነሳው ክርክር መልኩ ሌላ ነው። እዚህ ተከራዩ ጥፋተኛ መሆኑን ማስረዳት አያስፈልግም፤ ዘመኑ አልቋል፣ ያስረክብ ማለት በቂ ነው። አደገኛው ነገር ዝምታ ነው። የውሉ ዘመን ካለፈ በኋላ ተከራዩ በሱቁ ሲቀጥል አከራዩ እያወቀ ካልተቃወመ ውሉ ጊዜው ላልተወሰነ ዘመን እንደታደሰ ይቆጠራል። ብዙ ጊዜ የሚገጥመው እንዲህ ነው፦ አከራይ «ከመስከረም ጀምሮ 90,000 ነው» ይላል፤ ተከራይ አይስማማም፣ ግን አይወጣም፤ በየወሩ የቀድሞውን 60,000 በአከራዩ የባንክ ሒሳብ ያስገባል። አከራዩ አይቃወምም፣ አይመልስም። ከዓመት በኋላ የ30,000 ብር ልዩነት በ12 ወር አባዝቶ 360,000 ብር ሲጠይቅ ያልተስማሙበትን ዋጋ እየጠየቀ መሆኑን ይሰማል። ተከራዩ ግን በዚህ ተመክቶ ሱቁ ለዘለዓለም የእሱ የሆነ አይምሰለው። ያገኘው ጊዜ ብቻ ነው፤ ጊዜው ያልተወሰነ ኪራይ አስቀድሞ በሚሰጥ ማስጠንቀቂያ ይቋረጣል። አከራዩም ማደስ ካልፈለገ ውሉ ሳያልቅ በፊት «አላድስም» ብሎ በጽሑፍ ቢሰጥ ይህ ሁሉ አይመጣም።

ክሱ ወዴት ይቀርባል? አዲስ አበባ ውስጥ በግለሰቦች መካከል የሚነሳ ከሆነ በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት እስከ 10 ሚሊዮን ብር የሚደርሰውን የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ያየዋል። ከዚያ በላይ ከሆነ ወደ ከፍተኛው ፍርድ ቤት ይሄዳል። በ1967ቱ አዋጅ ቁጥር 47 የተወረሱትና ዛሬ በቀበሌ ቤትነት ወይም በፌዴራል ቤቶች ኮርፖሬሽን ሥር ያሉት የንግድ ቤቶች የራሳቸው አሠራር ስላላቸው እዚህ አልገባባቸውም። የቀበሌ ሱቅ ለሦስተኛ ወገን አከራይቶ ኪራይ ማስከፈል ግን ባለ ውሉን ራሱን መብት እንደሚያሳጣ መናገር ያስፈልጋል።

ክስ ሲጻፍ የሚጠየቀው ሁሉ መዘርዘር አለበት። የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ከአንድ ምክንያት የመነጨ ጥያቄ ተጠቃልሎ እንዲቀርብ ያዝዛል፤ ፍርድ ቤትም ያልተጠየቀውን አይፈርድም። ስለዚህ «240,000 ብር ይከፈለኝ» ብሎ ማቆም ስሕተት ነው፤ ክርክሩ ወራት ሲፈጅ የሚጠራቀመውም እንዳይቀር «ቤቱን እስከሚያስረክብ ድረስ በወር 60,000 ብር እየታሰበ» የሚል መጨመር አለበት። ወለድም እንዲሁ። በውሉ ሌላ ካልተባለ ሕጋዊው ወለድ በዓመት 9 በመቶ ነው፤ በ240,000 ብር ላይ በዓመት 21,600 ብር ይሆናል። ጠይቆ ያልጻፈ አያገኘውም።

ዕዳው ብቻ የሚፈለግ ከሆነና መጠኑ ከውሉ የታወቀ ከሆነ በአጭር ሥነ ሥርዓት መክሰስ ይቻላል። በዚህ መንገድ ተከሳሹ ፍርድ ቤቱን አስፈቅዶ ካልሆነ መከላከያ ማቅረብ አይችልም፤ ለማስፈቀድም በመሐላ የተደገፈ ምክንያት ማሳየት አለበት። አስቸኳይ ገንዘብ ለሚፈልግ አከራይ ጥሩ መንገድ ነው፤ የሚጠቀሙበት ሰዎች ግን ጥቂት ናቸው።

ሱቁን ዘግቶ የጠፋ ተከራይስ? መጥሪያ የሚቀበል ሰው ከሌለ ፍርድ ቤቱ በር ላይ እንዲለጠፍ ወይም በጋዜጣ፣ አብዛኛውን ጊዜ በአዲስ ዘመን፣ እንዲወጣ ያዝዛል። ከዚያ ካልቀረበ ጉዳዩ በሌለበት ይታያል። ተከራዩ በበቂ ምክንያት እንዳልቀረበ ካስረዳ ውሳኔውን ባወቀ በአንድ ወር ውስጥ ሊያስነሳው ይችላልና አከራዩ መጥሪያው በትክክል መድረሱን ካሁኑ ቢያጣራ ይሻለዋል።

ማን ምን ያስረዳል በሚለው ላይ ብዙ ሰው ይሳሳታል። አከራይ የሚያስረዳው ውሉ መኖሩን ነው። «ከፍያለሁ» የሚለው ክፍያውን ማስረዳት ያለበት ተከራዩ ነው። በእጅ ከፍሎ ደረሰኝ ያልያዘ ነጋዴ፣ ከአከራዩ ጋር እንደ ቤተሰብ የኖረ ቢሆንም፣ በዚህ ሰዓት ባዶ እጁን ይቆማል። በሌላ በኩል ሁለት ዓመት ሙሉ ሳይጠየቅ የቆየ የቤት ኪራይ እንደተከፈለ የሚገመትበት ድንጋጌ ስላለ ዕዳ እያከማቸ የተቀመጠ አከራይም ይጎዳል።

ግብር ለመቀነስ ተብሎ የሚሠራው ሁለት ውል የሚያመጣውን ጣጣ ሳላነሳ አላልፍም። ለሰነዶች ማረጋገጫ የቀረበው ውል 15,000 ብር ይላል፤ በእጅ የተያዘው ወረቀት 60,000 ይላል። ሰላም እስካለ ችግር የለም። ክርክር ሲነሳ ተከራዩ የተረጋገጠውን ውል ይዞ ይቀርባል፤ «ኪራዬ 15,000 ነው፤ እንዲያውም አብልጬ ከፍያለሁ» ይላል። በጽሑፍ የሰፈረን ውል በሰው ምስክር መቃወም በሕግ የተከለከለ ስለሆነ አከራዩ ሌላ የተፈረመ ወረቀት ከሌለው መውጫ ያጣል፤ ወረቀቱ ካለው ደግሞ እሱን ማቅረቡ የደበቀውን ገቢ ለግብር ሰብሳቢው መግለጥ ይሆናል። ከዚህ ጋር የሚሄድ ሌላ ክርክር ተጨማሪ እሴት ታክስ ነው። የንግድ ቤት ኪራይ እንደ መኖሪያ ቤት ከዚህ ታክስ ነጻ አይደለም። ውሉ 60,000 ብር ታክሱን ጨምሮ ይሁን ሳይጨምር ካልተናገረ በ15 በመቶ ስሌት በወር 9,000 ብር፣ በሁለት ዓመት 216,000 ብር ያጣላል። አንዲት ቃል ውሉ ላይ መጨመር ይህን ሁሉ ታስቀር ነበር።

ተከራይም የሚያነሳቸው ጠንካራ መከላከያዎች አሉት። በውል ላይ ግዴታውን ያልፈጸመ ወገን ሌላው እንዲፈጽም ማስገደድ አይችልም። ጣሪያው እያፈሰሰ ዕቃ ያበላሸበት፣ የመብራት መስመር አስገባለሁ ተብሎ ያልገባለት ነጋዴ ይህን ማንሳት መብቱ ነው። ችግሩ ግን ኪራዩን መያዝ ሲጀምር የጽሑፍ አቤቱታ አለማቅረቡ ነው። ክስ ከቀረበበት በኋላ የሚነሳ የጣሪያ ወሬ ምክንያት ፈለጋ ይመስላል፤ ከስድስት ወር በፊት «ጠግኑልኝ» ያለበት ደብዳቤ ከነፎቶው ሲቀርብ ግን ዳኛው ያዳምጣል።

ለተከራይ አንድ ተጨማሪ ነገር። አንዳንድ አከራይ ተከራዩን ማስወጣት ሲፈልግ ኪራዩን አልቀበልም ይላል፤ የባንክ ሒሳቡንም ይዘጋል፤ ከዚያ «አልከፈለኝም» ብሎ ይከስሳል። እንዲህ ሲያጋጥም ገንዘቡን ኪስ ውስጥ ይዞ መቀመጥ አደጋ ነው። አበዳሪ ክፍያ አልቀበል ሲል ባለዕዳው ገንዘቡን በፍርድ ቤት ማስቀመጥ እንደሚችል ሕጉ ይፈቅዳል። በየወሩ ያስቀመጠ ተከራይ ዘግይቷል ሊባል አይችልም።

አሁን ፍርድ ተሰጠ እንበል፦ ሱቁን ይልቀቅ፣ ውዝፉን ከወለዱ ጋር ይክፈል። ይህ ፍርድ በራሱ በር አይከፍትም። ተከራዩ በ60 ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለት ይችላል፤ ይግባኝ ሰሚው አፈጻጸሙን ካገደ ይቆማል። ካልታገደ አከራይዋ የአፈጻጸም መዝገብ ከፍተው ቤቱ እንዲለቀቅ ትእዛዝ ያወጣሉ፤ በፈቃዱ ካልወጣ በፖሊስ ድጋፍ ዕቃው ተቆጥሮ ይወጣል። እስከዚህ ያለው መንገድ ቢረዝምም ያደርሳል።

ገንዘቡ ግን እዚህ ላይ ነው የሚያስቸግረው። ነጋዴው ሱቁን የተከራየው በኃላፊነቱ የተወሰነ የግል ማኅበር ስም ከሆነ የሚጠየቀው ማኅበሩ ነው፤ የባለቤቱ መኪናና ቤት አይነካም። ማኅበሩ ባዶ ከሆነ ፍርዱ ወረቀት ሆኖ ይቀራል። ይህን ማሰብ ያለብን ውል ስንፈርም ነው፤ ባለቤቱ በግሉ ዋስ ሆኖ እንዲፈርም ማድረግ ወይም በቂ መያዣ ማስቀመጥ ያኔ ቀላል ነው። ክስ ከተጀመረ በኋላ ተከራዩ ዕቃውን በሌሊት እያሸሸ መሆኑን የሚያሳይ ማስረጃ ካለ ፍርዱን ሳይጠብቁ ንብረቱ እንዲያዝ ማመልከት ይቻላል።

ስለዚህ ነው ብዙ ጊዜ እርቅን የምመርጠው። አዋጅ 1234/2013 በፍርድ ቤት መር አስማሚ አማካይነት መስማማትን አስገብቷል፤ በሽማግሌ የተደረገ ስምምነትም ክርክሩ ባለበት መዝገብ ላይ ሊመዘገብ ይችላል። አከራይዋ የወለዱን ይተዉለታል እንበል፤ ተከራዩ በሁለት ወር ውስጥ ሱቁን ለቅቆ 240,000 ብሩን በአራት ጊዜ ይከፍላል። ይህ በቃል ብቻ ከተባለና ተከራዩ ሁለተኛውን ክፍያ ካስቀረ አከራይዋ እንደገና ከአንድ መጀመር ይኖርባቸዋል። በችሎት ከተመዘገበ ግን እንደ ፍርድ ይፈጸማል፤ አዲስ ክስ አያስፈልገውም።

ርክክቡም በጽሑፍ ይሁን፦ የቆጣሪው ንባብ፣ የተተወው ዕቃ፣ የግድግዳው ሁኔታ፣ ቁልፉ የተሰጠበት ቀን፣ የሁለቱም ፊርማ። «ዕቃዬን ካወጣሁ ወር አለፈኝ» የሚል ተከራይ ቁልፉን ሳያስረክብ ከቆየ የዚያን ወር ኪራይም ይጠየቃል።